የአማቴ ቅኔ

ነሐሴ 4

ዝናብ። ትምህርት ቤቱ ለክረምት ተዘግቷል። ሆዴ ወደ ጠረጴዛው አላስጠጋኝ ስላለ ደብተሩን ሆዴ ላይ አስቀምጬ ነው የምጽፈው። ውስጥ ያለው ሰው በተራገጠ ቁጥር መስመሩ ይጣመማል።

ሁሉም ስም ያወጣል። የባለቤቴ እኅት ፍሬሕይወት ከስልኳ ላይ «ኤልዮራ» የሚል አገኘች። «በግዕዝ የብርሃን ጠብታ ማለት ነው» አለችኝ። አማርኛ አስተማሪ ነኝ፣ የመሪጌታ ልጅ ነኝ፤ ግዕዝ ውስጥ እንዲህ ያለ ቃል የለም አልኋት። «እንዴ፣ እዚህ ተጽፏል እኮ» አለች። ከዚያ የጎረቤታችን ልጅ የአንድ ኳስ ተጫዋች ስም ይዞ መጣ። ሴት ብትሆንስ አልሁት። «ሴትም ብትሆን ያው ነው» አለ።

ሳቅሁ። ስሙን ግን ከዚህ አልፈልገውም። ከቡሬ እንዲመጣ ነው የምፈልገው፤ ከአባባ። በእኛ ዘር የመጀመሪያ ልጅ ስም የሚያወጣው የእናቱ አባት ነው። የእኔንም አያቴ ናቸው ያወጡት፤ ትሕትና።

አባባ ግን ከተዳርሁ ወዲህ ቤቴን ረግጠው አያውቁም። አልተጣላንም። የከፋው ይኼ ነው። ብንጣላ ሽማግሌ ይላካል። ለአለመጣላት ማን ይላካል?


ነሐሴ 9

ላቀው ከማንኩሳ ገጠር ተመለሰ። የእንስሳት ሐኪም ነው፤ ሰሞኑን ውሻ ሲከትብ ነው የከረመው። ጫማውን በር ላይ እያወለቀ «ስም ይዤልሽ መጣሁ» አለኝ።

አንድ አጥር የሚለያቸው ሁለት ገበሬዎች አሉ። የአንዱ ውሻ «ምን አገባህ» ይባላል። የሌላው «ሥራህ ያውጣህ»። ሰዎቹ በድንበር ተኳርፈው አይነጋገሩም። «ውሻ ሲጠሩ ግን ይውላሉ» አለ ላቀው። «እኔ እዚያ ቆሜ አንደኛው ደጁ ላይ ወጥቶ፣ ና ምን አገባህ፣ ና ብላ ምን አገባህ ይላል። ወዲያኛው ቶሎ ብሎ፣ ሥራህ ያውጣህ፣ አንተ ሥራህ ያውጣህ! ውሾቹ ግን ተጫውተው ተጫውተው አንድ ላይ ተኝተዋል።»

እስኪያመኝ ሳቅሁ። ልጁም አብሮኝ ተንቀጠቀጠ።

ከዚያ ሳቄ ተቆረጠ። ላቀው ምነው አለኝ። ምንም አልሁት። እኔና አባባ ውሻ እንኳ የለን፣ ብዬ ነበር ያሰብሁት።


ነሐሴ 15

ቡሬ ደወልሁ። አባባ ስልክ አይዙም። ጎረቤታቸው አቶ መልካሙ ባለሱቁ ስልኩን ይዘውልኝ ሄዱ። መንገዱን ሁሉ እየተነፈሱ ያወሩኛል፤ ጭቃው፣ በቆሎው፣ የተማሪዎቹ ብዛት።

«የኔታ፣ ልጅዎ ናት፤ እንኩ ያነጋግሯት።»

አባባ ስልኩን አልያዙም። ድምፃቸው ከሩቅ ይሰማኛል።

«ለጥላነሽ ሰላም በሉልኝ። እመቤቴ በሰላም ትገላግላት።»

«ስሙን አባባ ያውጡልኝ እያለች ነው» አሉ አቶ መልካሙ። ጎበዝ ሰው ናቸው፤ የነገርኋቸውን አልረሱም።

ከዚያ አባባ፦

«ስም አውጪ አላት አይደለም እንዴ? እንደዚያ ያለች ባለሙያ ከቤት እያለች።»

አቶ መልካሙ ሳል ሳሉ። ኔትወርኩ ተቆረጠ ወይም ቆረጡት።


ነሐሴ 16

ጥላነሽ አሉኝ።

አባባ ጥላነሽ ብለውኝ አያውቁም። ጥላነሽ የሙሽራ ስሜ ነው፤ አማቴ ያወጡልኝ። በላቀው ወገን በዚያ እጠራለሁ። ትምህርት ቤት ትሕትና ነኝ። የክርስትና ስሜ ወለተ ሐና ነው፤ እሱን የሚጠራው ቄስ ብቻ ነው። ሦስት ሰው ነኝ። አባባ የሚያውቁት አንደኛዋን ብቻ ነበር።

ምን አደረግሁ?


ነሐሴ 25

አማቴ እማማ ሸጋዬ ከፈረስ ቤት ከተማ መጡ፤ ሊያርሱኝ። ቅቤ፣ የገብስ ዱቄት፣ በጨርቅ የታሰረ አብሽ፣ እግሯ የታሰረ አንዲት ዶሮ። ከባጃጁ ሳይወርዱ ሆዴን አዩት።

«ወንድ ነው።»

«እንዴት ዐወቁ እማማ?»

«አላወቅሁም። ወንድ ካልሆነ ሴት ናት እላለሁ፤ ማን ይጠይቀኛል።»

ቤቱ ሞቀ። ላቀው በእናቱ ፊት ልጅ ይሆናል፤ እጁን ሳይታጠብ ለመብላት ይሞክራል፣ ይመታል። ስም አላወጡም። «ስሙ የቡሬው ነው፤ ሥርዓት ነው» አሉ። ይኼንን ሲሉ ዐይናቸውን ማየት አቃተኝ።


ጳጉሜን 2

ዛሬ ገባኝ። በሥርዓት ልጻፈው።

ያች የፈረስ ቤት ዶሮ ዕቃ ቤት ውስጥ ዐቅፋ ነበር። እኔ ነገ ሩፋኤል ነው፣ ዋዜማውም ይባርከኝ ብዬ በር ላይ ወጥቼ ዝናብ እየመታኝ ነው። እማማ ሸጋዬ ከውስጥ ሲቆጡ ሰማኋቸው።

«ምን ያለች ናት ይች! እንቁላሏን ጥላ፣ ጥላ ወጣች እኮ!»

ጥላ።

ጥላ ወጣች።

ዝናቡ ውስጥ ቆሜ ቀረሁ። የአባባ ተማሪ ነበርሁ እኔ፤ ከወንዶቹ ጋር ዛፉ ሥር ተቀምጬ ቅኔ የቆጠርሁ። ቤት ውስጥ አባባ፣ ዛፉ ሥር የኔታ ነበሩ። አንድን ቃል ሰንጥቄ ሁለት ሳላደርግ ምሳ አልበላም ነበር። ይችን ግን በስሜ ላይ ተሸክሜያት ስኖር አልሰማኋትም። ጥላ ነሽ፤ የምታስጠልል። ጥላ፤ ትታ፣ ወርውራ፣ አባቷን ጥላ የሄደች።

ቀኑን አስታውሳለሁ። ቅልቅል ነበር፤ የእኛ ቤተ ዘመድ ፈረስ ቤት ድረስ መጥቶ ከእነላቀው ወገን ጋር የተቀላቀለበት ቀን። እናቴ ካረፈች ወዲህ አባባ ከቡሬ ርቀው የወጡት ያን ጊዜ ነው። እንደ ደንቡ አማቴ ተነሡ፤ ራሴ ላይ ቅቤ አደረጉና «ከዛሬ ጀምሮ ጥላነሽ ብያታለሁ» አሉ። ሰው አጨበጨበ። እኔ ሳቅሁ። በጣም ነው የሳቅሁት፤ ስሙ ደስ ብሎኝ። አባባ ማዶ ቁጭ ብለዋል። ብርሌውን አስቀመጡ።

«ስሟን ሰማን» አሉ። ከዚያ ለሰዓታት ጸሎት እደርሳለሁ ብለው ምግብ ሳይቀርብ ተነሡ።

እንግዲህ እሳቸው የሰሙት ሌላ ነው። ቅኔ ነው የመሰላቸው። በአደባባይ፣ በሰው ፊት፣ ልጅህ ጥላህ መጣች ተብሎ የተዘረፈባቸው። እኔም ገብቶኝ የሳቅሁ ነው የመሰላቸው። እኔ እኮ ተማሪያቸው ነኝ። አልገባትም ብለው ሊያስቡ አይችሉም።

ጥዬ አልሄድሁም። ተዳርሁ። ሰው ይዳራል። እሳቸውም መርቀው ነው የዳሩኝ። ቡሬም ሩቅ አይደለም፤ ከማንኩሳ ወዲያ ነው። ቶሎ ቶሎ ያልሄድሁት ሥራ በዝቶ ነው። የፈተና ወረቀት ነበር። ከዚያ ዝናብ ነበር። ከዚያ ማቅለሽለሽ።


ጳጉሜን 3

ለማን ልንገር? ለእማማ ብነግር ይቀየማሉ። ስድብ አወጣሽ ተባልሁ ይላሉ። ለላቀው ነገርሁት። ለእናትህ እንዳትነግር ብዬ።

ጭንቅላቱን ያዘ። «እናቴ ጥላ ካለች ጥላ ነው ትሕትና። እኛ ቤት ሰምና ወርቅ አይገባም። ወርቅ ቢገባማ እንሸጠው ነበር።»


ጳጉሜን 4

እማማን ዘወር አድርጌ ጠየቅኋቸው። ለምን ጥላነሽ አሉኝ?

«አታስታውሺም? መጀመሪያ እንዳየሁሽ ገበያ ይዤሽ ወጣሁ። የደጋ ፀሐይ ታውቂያለሽ፤ ብርድ መስሎ ይልጣል። ዣንጥላ ይዘሽ ነበር። ስንሄድ ለእኔ፣ ስንቆም ለእኔ፣ ሽንኩርት ስከራከር ለእኔ። ቤት ስንገባ አፍንጫሽ ተልጧል። ያኔ በልቤ ይች ጥላ ናት አልሁ፤ ሌላ ስም አላማረኝም።»

አላስታወስሁም። አፍንጫዬ መላጡን ግን አስታወስሁ።


መስከረም 3

ወንድ።

ጧት። ሆስፒታሉ በር ላይ ፈረስ ጋሪ ሲያልፍ ቃጭሉ ይሰማኛል። ላቀው ያለቅሳል። ላም ስታዋልድም እንዲህ ነህ ወይ ብላው አዋላጇ ሳቀችበት።

ጣቶቹ። ምን ዓይነት ጣቶች።


መስከረም 11

ስም የለውም። ስለዚህ ሁሉም ስሙ ነው። ፍሬሕይወት «ቦስ» ትለዋለች። ላቀው «ጥጃው»። እማማ ሸጋዬ «እንግዳው»፤ «እንግዳው ነቅቷል፣ እንግዳው ረጥቧል።» እኔ ስም አልጠራም። ስጠራው የማልወድደው ስም እንዳይለጠፍበት እፈራለሁ። ዝም ብዬ አየዋለሁ። ሲያዛጋ ዓለም ሁሉ ያዛጋል።

ላቀውን የሚያሠለጥነው ጀርመናዊ ሊጠይቀን መጣ። የሕፃን ካልሲ ይዞ። የልጁ የቤተሰብ ስም ማን ነው አለ። ላቀው «የቤተሰብ ስም የለንም፤ አባት ብቻ ነው ያለን» አለው። ሰውየው ተደነቀ። የእሱ ስም ቀጥቃጭ ማለት ነው፤ ቤታቸው ውስጥ ግን ብረት የነካ ሰው ማንም አያስታውስም። እማማ ሲተረጎምላቸው አዘኑለት። በእኛ አገር ብረት ቀጥቃጭን ስንት ክፉ ስም ሲያወጡበት ኖረው፣ ይህ ሰው ስሙን ይዞ ደስ ብሎት ይዞራል። «ከእኛ ይሻላል» አሉ ቆይተው። «በአያቱ አላፈረም።»

ሰው ሁሉ የአያቱን ቃል ተሸክሞ ይዞራል። የእኔ ልጅ ግን ባዶውን ነው።


መስከረም 20

ላቀው ለእማማ ነገራቸው። ምላሱን ዶሮ ይብላው።

ገንፎ ሲያገነፉ ነው የነገራቸው። ማማሰያው ቆመ። እኔ መኝታ ቤት ውስጥ ልጁን ደረቴ ላይ አጣብቄ አዳምጣለሁ። አሁን ይጮኻሉ፤ አሁን ዕቃቸውን ይሰበስባሉ።

«ቆይ እንጂ» አሉ። «ጥላ አልሁ። ጥላ፣ ደግሞ ጥላ ሆነ?»

«አዎ እማ።»

«አንድ ቃል ተናግሬ ሁለት ሆነ?»

«አዎ።»

«ቅኔ ማለት ይኼ ነው እንዴ?»

«ይኼ ነው።»

ከዚያ ሳቅ። እኔ እንዲህ ያለ ሳቅ ከእሳቸው ሰምቼ አላውቅም። ማማሰያውን እንደያዙ እኔ ዘንድ ገቡ፤ ዕንባቸው ይወርዳል።

«ጥላነሽ፣ ሰማሽ ወይ? ጎጃም ስንቱ ወንድ አኩፋዳ ይዞ እየለመነ፣ ውሻ እየነከሰው፣ ዓመት ሙሉ ደጅ ጠንቶ የሚያጣውን፣ እኔ ቅቤ በእጄ ይዤ ዘረፍሁት!»

ከዚያ ቀስ ብለው ተቀመጡ። ልጁን አዩት። ሳቃቸው ወረደ።

«ሽማግሌው ይኼን ይዘው ነው ብቻቸውን የከረሙት?» አሉ።

ብቻቸውን የሚለውን ቃል ሌላ ማንም ጮክ ብሎ ብሎት አያውቅም።


መስከረም 27

እማማ ዛሬ ለፍሬሕይወት ገንፎ አሳይተው፣ ነጠላ ቀይረው ቡሬ ሄዱ። ማንንም አላስፈቀዱም። ፍሬሕይወት የሠራችው ገንፎ ውስጥ ጓል አለ፤ ሳላኝክ ዋጥሁት።

ሲመሽ ተመለሱ። ጫማቸውን ሳያወልቁ አወሩኝ። እንዳወሩት ልጻፈው።

«ደረስሁ። ተማሪው ዛፍ ሥር ይንጫጫል። እጅ ነሣሁና፣ የኔታ፣ ተማሪ ነኝ አልኋቸው።»

«ምን አሉ?»

«ምን ሊማሩ መጡ አሉኝ። ልማር አይደለም፤ ቅኔዬ ተበላሽቷል ተባልሁ፣ ይረሙልኝ ብዬ ነው አልኋቸው።»

«ሳቁ?»

«እሳቸው አልሳቁም፤ ጢማቸው ሳቀ። ተማሪውን በተኑት። ከዚያ፣ ለመሆኑ ያን ዕለት ጥላ ሲሉ ምን ማለትዎ ነበር አሉኝ። ጥላ አልኋቸው። ሌላስ? አሉኝ። ሌላ ጥላ አላውቅም አልኋቸው። የዣንጥላውን፣ የአፍንጫሽን፣ ሁሉን ነገርኋቸው። መሬት መሬት ሲያዩ ቆዩ። እኔ ዕድሜዬን ሙሉ ከሰም በታች ስቆፍር፣ ሰም ብቻ የሆነ ቃል አይቼ አላውቅም አሉ።»

«ከዚያስ?»

«ቆሎ አቀረቡልኝ። ቆሎው ጠጠር አለበት። ሴት የሌለበት ቤት መሆኑን ጥርሴ ነገረኝ።»

«ይመጣሉ?»

«አልጠየቅኋቸውም።»

«እማማ፣ ለዚህ አይደል እንዴ የሄዱት?»

«ሰው ከታረመ በኋላ አይጨቀጨቅም» አሉና ገንፎውን ቀምሰው ፍሬሕይወትን ሊቆጡ ወጡ።


ጥቅምት 5

ከቡሬ ወሬ የለም። የክርስትናው ቀን ደረሰ። ሰው ስሙ ማን ተባለ ይላል። ገና ነው እላለሁ።

ባይመጡስ? ላቀው አንድ ስም እናዘጋጅ፣ ለመጠባበቂያ አለኝ። እንደ ጎማ። ተቆጣሁት። ማታ ግን ሳላስበው አንድ ሁለት ስም በልቤ ሞከርሁ። አፈርሁ። ስም ብሞክር አይመጡም ያልሁ መሰለኝ።

ልጁ ፈገግ አለ። ጋዝ ነው ይላሉ። ይበሉ።


ጥቅምት 11

ነገ ሚካኤል ነው፤ ነገ አርባው። ከቡሬ የመጣ የለም። ላቀው ሁለት ጊዜ መናኸሪያ ወጥቶ ተመለሰ። ነጠላዬን አጥቤ አሰጣሁ።


ጥቅምት 12

ሕፃኑን ታቅፌ ከእማማ ጋር ቤተ ክርስቲያኑ በር ላይ ቆምን። ብርድ። ማኅሌቱ አላበቃም። ከበሮው፣ ጸናጽሉ፣ የብዙ ወንድ ድምፅ አንድ ላይ። እኔ የማስበው ስለ ካልሲው ነበር፤ አንዱ እግሩ ላይ የለም።

ከድምፆቹ መካከል አንዱ ዘገየ። አንድ ድምፅ አለ፤ ሁሉም ሲጨርስ ጫፉን ትንሽ ይዞ የሚቆይ። በልጅነቴ ዛፉ ሥር እቀድማለሁ ስል በዚያ ድምፅ ነበር የምያዘው።

«እማማ» አልሁ።

«ሰምቻለሁ» አሉ። «እኔ የማውቀው ሲናገሩ ነው፤ ግን ሰምቻለሁ።»

ትናንት ከመሸ ነው የገቡት። እኛ ቤት ሳይመጡ በቀጥታ ማኅሌት ገቡ። ማንም አልነገረን።

ልጁ ተጠመቀ። የክርስትና ስሙ ኃይለ ሚካኤል ተባለ። ውሃው ሲነካው አላለቀሰም፤ ቄሱን ገላመጠ። አባባ ከመቋሚያቸው ጋር ከሰው መካከል ወጡ። ከስተዋል። እኔ ጉልበታቸውን ልስም ስጎነበስ ትከሻዬን ያዙኝ። የተናገሩት ስለ ካልሲው ነው።

«አንዱ እግሩ በረደው።»

ከዚያ ቤት። ቤቴ ገቡ። መድረኩን ሲሻገሩ ላቀው ያዝኋቸው ብሎ ሊደግፋቸው ሄደ፤ እሱ ራሱ ተደናቀፈ። ሰው በላ፣ ጠጣ። ጠላው ሲዞር ስሙስ ተባለ። አባባ ልጁን ጭናቸው ላይ አስቀመጡት።

«ይርሳው» አሉ።

ሰው ሁሉ ሌላ የሚጨምሩ መስሎት ጠበቀ። አልጨመሩም። ፍሬሕይወት ጆሮዬ ላይ «የሽማግሌ ስም» አለች። አንድ የላቀው አጎት ዋንጫውን ከፍ አድርጎ፣ «መሪጌታ፣ የሚረሳው ማን ነው? የሚረሳውስ ምኑን ነው? በአገሩ ደንብ እንጠይቃለን» አለ።

አባባ ወደ እማማ ሸጋዬ ዞሩ።

«የሚረሳው ሰውዬ እዚህ ተቀምጧል» አሉ። «ምኑን እንደሆነ ግን ረስቶታል።»

እልልታውን የጀመሩት እማማ ናቸው። ሌላው ሰው ነገሩ ሳይገባው ተከተለ። እኔ ጓዳ ገብቼ አለቀስሁ፤ ከዚያ ሰሐን ይዤ ወጣሁ።

ይርሳው ላቀው። ይርሳው ላቀው። ስም ጠሪ አስተማሪ ሆኜ ስንት ጊዜ እንደ ጠራሁት አልቈጥርም።


ጥቅምት 15

አባባ አልሄዱም። ነገ እሄዳለሁ ይላሉ፤ ነገ ይሆንና ነገ ይላሉ። ተማሪዎቹስ ብል «የሚቀጽሉላቸው ትልልቅ ተማሪዎች አሉ» ይላሉ። እኔም ለቡሬ ቀን ቆርጬላቸዋለሁ፤ ወር በገባ ልጁን ይዤ እንድሄድ። ጽፌዋለሁ፣ እዚህ።

ግን ሦስት ቀን እንቅልፍ አጣሁ። የኔታ አንድ ትርጉም ብቻ ያለው ቃል ከአፋቸው አይወጣም። ይርሳው፤ ይተወው፣ ይዘንጋው፤ እሺ፣ ይኼ ሰሙ ነው። ወርቁስ? ከታጠበ ዳይፐር መሐል ቆሜ እሰነጥቀዋለሁ። ዛሬ ያገኘሁ መሰለኝ። አባባ ደጅ ፀሐይ እየሞቁ ነበር፤ ሮጬ ሄድሁ።

«የኔታ፣ ግዕዝ ነው አይደል? ወረሰ፣ ይረስ። ይረስ፣ ይውረስ ማለትዎ ነው። ልጁ ቤትዎን፣ ቅኔዎን፣ ዛፉን ይውረስ።»

ዐይናቸውን ከደኑ። ፊታቸው ዛፉ ሥር እንደነበረው ሆነ።

«ሌላስ?»

«ሌላ… ርስት? ርስቱን?»

«ሌላስ?»

ሌላውን ልፈልግ አፌን ስከፍት እማማ ሸጋዬ የሚጮኸውን ልጅ ታቅፈው ከቤት ወጡ። ጭኔ ላይ አስቀመጡት።

«ሌላ ይርሳው አላውቅም» አሉ። «ያለው ይርሳው ይኸውና፤ ተርቧል። አጥቢው።»

አጠባሁት። አባባ ወደ ግድግዳው ዞሩ። ትከሻቸው ይንቀጠቀጥ ነበር፤ ሳቃቸውን ሊያቆሙት አልቻሉም።